አንቷን ዳባዲ፤ ተራራን በቍጥር የለካ ሰው

ከወረታ ተነሥቶ ወደ ጣና ዳር የሚወርድ ሰው የፎገራን ሜዳ ሲያቋርጥ ዐይኑን የሚከለክለው ነገር አያገኝም። ርብና ጉማራ የተባሉት ወንዞች ከጉና ተራራ ወርደው በክረምት ይሞላሉ፤ ሜዳውንም ያጥለቀልቁታል። ውሃው ሲጎድል ሣሩ ይለመልማል፤ የፎገራ ከብት በሀገሩ ሁሉ ስሙ የተጠራው በዚህ ሣር ነው። በዘመናችንም ውሃ የሚተኛበት መሬት ሩዝ ይዘራበታል። እንዲህ ባለ ሜዳ መካከል ያደገ ልጅ ምድር እንደ ምጣድ ዝርግ ናት ቢል አይፈረድበትም።

ነገር ግን ይኸው ልጅ ወደ ባሕሩ ዳር ደርሶ በጥሩ ብራ ቀን ወደ ሩቆቹ ደሴቶች ቢመለከት የሚያስደንቅ ነገር ያያል። የደሴቱ ራስ ይታየዋል፤ ደሴቱ ከውሃው ጋር የሚገናኝበት ዳር ግን አይታየውም። የሸፈነው ኮረብታ የለም፤ ዛፍም የለም። የሸፈነው የውሃው የራሱ ጕብጠት ነው። ምድር ክብ ስለ ሆነች የጣና ፊትም በጥቂቱ ይጐብጣልና።

ይህ ጕብጠት ምን ያህል እንደ ሆነ በቍጥር ማወቅ ይቻላል። በሀገራችን ውስጥ ብዙ ዓመት ተቀምጦ፣ ከኮረብታ ወደ ኮረብታ እየወጣ፣ ምድራችንን በዚህ ዐይነት ሒሳብ የለካ አንድ ሰው ነበረ። ስሙ አንቷን ዳባዲ ይባላል። ከዚህ ቀጥሎ የምንጽፋቸው ዓመቶች ሁሉ እንደ ኤውሮፓውያን አቈጣጠር ናቸው።

አንቷን ዳባዲ በ1810 ዓመት በጥር ወር በአየርላንድ ዋና ከተማ በደብሊን ተወለደ። አባቱ ከፈረንሳይ ሀገር ከባስክ ወገን ነው፤ እናቱ ግን የአየርላንድ ሴት ነበረች። ገና ልጅ ሳለ ቤተ ሰቡ ወደ ፈረንሳይ ተመለሰ፤ እርሱም በዚያ አድጎ በፓሪስ ከተማ ተማረ። ሀብት ያለው ቤተ ሰብ ስለ ነበረ ሥራ ሳይሠራ በድሎት መኖር ይችል ነበር። እርሱ ግን ከልጅነቱ ጀምሮ ሰው ያላወቀውን ሀገር ማየትና መለካት ይመኝ ነበርና ሰውነቱን በእግር ጉዞና በዋና አጠነከረ፤ አእምሮውንም በሒሳብና በሥነ ከዋክብት ትምህርት አሠለጠነ። በ1836 ዓመት የፈረንሳይ የሳይንስ አካዳሚ የምድርን ማግኔት ኀይል እንዲመረምር ወደ ብራዚል ላከው። ከዚያ ተመልሶ ብዙ ሳይቀመጥ አርኖ ከተባለው ታናሽ ወንድሙ ጋር በ1838 ዓመት መጀመሪያ ምጽዋ ደረሰ፤ በዚያውም ዓመት ጎንደር ገባ።

ጎንደር እንደ ደረሰ ያደረገው ነገር ጠባዩን ይገልጣል። ይዟቸው የመጣው መሣሪያዎች ለአሰበው ሥራ የማይበቁ መሆናቸውን ተረዳ። ሌላ ሰው ቢሆን ኖሮ በያዘው ይሠራ ነበር፤ ጕድለቱንም ማን ያውቅበታል ይል ነበር። ዳባዲ ግን ወንድሙን በኢትዮጵያ ትቶ ያን ሁሉ በረሓና ባሕር ተመልሶ አቋረጠ፤ ከፈረንሳይም የተሻለ መሣሪያ ይዞ በ1840 ዓመት እንደ ገና ወደ ቀይ ባሕር መጣ። በዚያም ጊዜ ዐይኑን ክፉኛ ታመመ። ኑሮው ሁሉ በማየት ላይ ለተመሠረተ ሰው ይህ ምን ያህል መከራ እንደ ሆነ አስቡት። ቢሆንም ሥራውን አልተወም።

በዚያን ዘመን የመሳፍንት ጊዜ ነበረ። ንጉሡ በጎንደር በስም ይቀመጣል፤ ሥልጣኑ ግን በደብረ ታቦር በተቀመጡት በራስ ዓሊ እጅ ነበረ። ከጎንደር ወደ ደብረ ታቦር የሚወስደው መንገድ በእንፍራዝ በኩል አድርጎ ፎገራን ይነካል፤ በክረምት ርብ ሲሞላ መንገደኛው በዳር ተቀምጦ ውሃው እስኪጎድል መጠበቅ ነበረበት። በእንዲህ ያለ ጊዜ የመለኪያ መሣሪያ ይዞ በየኮረብታው የሚወጣ ፈረንጅ በቀላሉ ይጠረጠራል። ስለዚህ ዳባዲ የሀገሩን ልብስ ለበሰ፤ ጫማውን ትቶ በባዶ እግሩ ሄደ፤ ቋንቋውንም ተማረ። ከሊቃውንት ጋር ተቀምጦ የግዕዝ መጻሕፍት ይመረምር፣ ይገዛም፣ ያስገለብጥም ነበር።

መለኪያውስ ምን ነበረ? ዋናው ቴዎዶሊት የሚባል ትንሽ መሣሪያ ነው። ይህ መነጽር ያለው፣ በክብ ሰሌዳ ላይ የሚዞር ነገር ሲሆን ከአንድ ተራራ ወደ ሌላው ያለውን ማዕዘን ያሳያል። ዳባዲ በአንድ ኮረብታ ራስ ላይ ቆሞ ዙሪያውን የሚታዩትን ተራሮች አንድ በአንድ እያነጣጠረ ማዕዘናቸውን ይጽፋል፤ ስማቸውንም ከሀገሩ ሰዎች ይጠይቃል። ከዚያ ወደ ሌላ ኮረብታ ሄዶ እነዚያኑ ተራሮች እንደ ገና ይለካል። ከሁለት ስፍራ የተሰነዘሩት መስመሮች በሚገናኙበት ቦታ ተራራው አለ ማለት ነው። ስለ ከፍታ ደግሞ ውሃ እያፈላ ይመረምር ነበር። በባሕር ጠረፍ ውሃ በ100 ዲግሪ ይፈላል፤ ሰው ከፍ ወዳለ ሀገር በወጣ ቍጥር ግን በትንሹ ሙቀት ይፈላል። ከባሕር ጠለል ወደ 1,800 ሜትር ያህል ከፍ ባለው በጣና ዳር በ94 ዲግሪ ገደማ ይፈላል። እንግዲህ ማሰሮና የሙቀት መለኪያ የያዘ ሰው ያለበትን ከፍታ በግምት ያውቃል።

ነገር ግን የሩቅ ተራራ ቁመት ሲለካ የምድር ጕብጠት ነገሩን ያውከዋል። ከሩቅ ያለው ተራራ እግሩ ከአድማስ በታች ተደብቆአልና፤ ይህን ያልቈጠረ ሰው ተራራውን ያሳጥረዋል። ሒሳቡን እንየው፤ ምክንያቱም ለወረታ ልጅ ከጣና ዳር የሚበልጥ የዚህ ትምህርት ጠረጴዛ የለም።

የምድር ውፍረት ከአንዱ ፊት በመካከሏ አልፎ እስከ ሌላው ፊት ሲለካ 12,742 ኪሎ ሜትር ያህል ነው። ይህን ውፍረት በተመልካቹ ዐይን ከፍታ ብናበዛው ተመልካቹ እስከ አድማስ የሚያየውን ርቀት በራሱ የተባዛውን ይሰጠናል። ከፍታውን በሜትር፣ ርቀቱን በኪሎ ሜትር ለመቍጠር 12,742ን ለ1,000 እናካፍላለን፤ 13 ለመሙላት ጥቂት የጎደለው ይሆናል። ለትምህርት እንዲቀልል 13 እንበለው። ስለዚህ ሕጉ ይህ ነው፤ የዐይንህን ከፍታ በ13 አብዛ፤ ከተገኘው ቍጥር ዳግማዊ ዘሩን አውጣ፤ እርሱ ርቀቱ ነው። ዳግማዊ ዘር ማለት በራሱ ሲባዛ ያን ቍጥር የሚወልድ ቍጥር ነው። 4 በራሱ ሲባዛ 16 ስለሚሆን የ16 ዳግማዊ ዘር 4 ነው። ዐይኑ ከውሃው 1 ሜትር ከሩብ ያህል ከፍ ያለለት ልጅ በጣና ዳር ቢቆም ከፍታው በ13 ሲባዛ ከ16 እጅግ አይርቅም፤ እንግዲህ ውሃውን የሚያየው እስከ 4 ኪሎ ሜትር ድረስ ብቻ ነው።

አሁን ነገሩን እንገልብጠው። ከዳር 30 ኪሎ ሜትር የሚርቅ አንድ ደሴት አለ እንበል። ልጁ የሚያየው ከአንድ ስፍራ በላይ ያለውን ብቻ ነው። ከዓይኑ የተሰወረው የታችኛው ክፍል ስንት ሜትር ይሆናል? የተሰወረውን ቁመት አናውቀውም፤ በእርሱ ላይ የተሠራውን ሥራ ግን እናውቃለን። በ13 ተባዛ፤ ዳግማዊ ዘሩ ወጣ፤ በዚያም ላይ ልጁ ራሱ የሚያየው 4 ኪሎ ሜትር ተደመረበት፤ ድምሩ 30 ሆነ።

የማይታወቀውን ለማግኘት በመጣንበት መንገድ እንመለሳለን። ከሐሙሲት ተነሥቶ ወደ አዲስ ዘመን የሚሄድ ሰው በመጀመሪያ ጉማራን፣ ቀጥሎ ወረታን፣ በኋላ ርብን ያልፋል። ወደ ቤቱ ሲመለስ ግን መጀመሪያ የሚሻገረው ርብን ነው፤ ጉማራ የመጨረሻው ይሆናል። በሒሳብም እንዲሁ በመጨረሻ የተሠራው አስቀድሞ ይፈታል። በመጨረሻ 4 ተደምሮ ነበርና 4 እንቀንሳለን፤ 26 ይቀራል። ከዚያ በፊት ዳግማዊ ዘር ወጥቶ ነበርና 26ን በራሱ እናበዛለን፤ 676 ይሆናል። ከሁሉ በፊት በ13 ተባዝቶ ነበርና ለ13 እናካፍላለን፤ 52 እናገኛለን። እንግዲህ የደሴቱ የታችኛው 52 ሜትር ከልጁ ዐይን ተሰውሮአል። በእውነት ግን አየር የብርሃንን መንገድ በጥቂቱ ስለሚያጐብጠው የሚሰወረው ከዚህ ትንሽ ያንሳል፤ ይህንም ዳባዲ ጠንቅቆ ያውቅ ነበር።

መደመርን በመቀነስ፣ ማብዛትን በማካፈል፣ ዳግማዊ ዘርን በራስ በማብዛት መፍታት እጅግ የቆየ ጥበብ ነው። በህንድ ሀገር አርያብሃታ የተባለ ሊቅ በ499 ዓመት በጻፈው መጽሐፍ ውስጥ ይህን የግልባጭ ሕግ አስቀምጦታል።

ሥራው ግን በዚህ አያልቅም። የተገኘው ቍጥር ወደ መጀመሪያው ጥያቄ ተመልሶ መፈተን አለበት። 52 በ13 ሲባዛ 676፤ ዳግማዊ ዘሩ 26፤ 4 ሲደመር 30። ተስማማ። አንዳንድ ተማሪ ይህን ፈተና ትርፍ ድካም ይመስለዋል። የሚከተለውን ይይ። የአንድ ቍጥር ዳግማዊ ዘር ላይ 5 ቢደመር 2 ሆነ የሚል ጥያቄ ቢቀርብለት፣ 5 ይቀንሳል፤ ከዜሮ በታች 3 ይደርሰዋል። ያን በራሱ ሲያበዛ 9 ያገኛል፤ ተደስቶም 9 ነው ብሎ ይጽፋል። 9ን ወደ ጥያቄው ቢመልሰው ግን ዳግማዊ ዘሩ 3፣ 5 ሲደመርበት 8 ይሆናል፤ 2 አይደለም። ለዚያ ጥያቄ መልስ የለውም። በራስ ማብዛት የጕድለትን ምልክት ያጠፋዋልና፣ እያንዳንዱን ደረጃ በትክክል የረገጠ ሰው እንኳ በመጨረሻ ሐሰተኛ መልስ ይዞ ሊገኝ ይችላል።

ለዳባዲም በኑሮው ይህን የመሰለ ነገር ደረሰበት። የዓባይ ምንጭ በሰከላ በግሽ ዓባይ እንደ ሆነ በኢትዮጵያ የታወቀ ነው፤ ፔድሮ ፓኤዝ በ1618፣ ጄምስ ብሩስም በ1770 አይተውታል። ነጭ ዓባይ የሚባለው ታላቅ ወንዝ ከወዴት እንደሚነሣ ግን በዚያ ዘመን በኤውሮፓ የሚያውቅ አልነበረም። ዳባዲ ይህን ሊገልጥ ወደ ደቡብ ሄደ። በ1843 ዓመት ወደ ኤናርያ ገባ፤ ንጉሡ አባ ባጊቦ ተቀበሉት፤ ከዚያም እስከ ከፋ ደረሰ። በ1846 ዓመት በጥር ወር ከወንድሙ ጋር እንደ ገና ሄዶ የጊቤን ወንዝ ምንጭ አገኘ፤ የነጭ ዓባይ ራስ ይህ ነው ብሎም ለዓለም አስታወቀ።

የምንጩን ስፍራ በሚገባ ለክቶታል። በዚያ ላይ ስሕተት አልነበረበትም። የወንዙን የታችኛ መንገድ ግን በዐይኑ አላየም፤ ከነጋዴዎችና ከመንገደኞች ቃል ሰብስቦ በአሳቡ ከነጭ ዓባይ ጋር አገናኘው። ወደ ታች ወርዶ ጊቤ በእውነት ወዴት እንደሚፈስስ ሳይፈትን መልሱን ጻፈ።

ክርክሩም ከባድ ሆነ። በ1850 ዓመት የፓሪስ የጂኦግራፊ ማኅበር ለሁለቱ ወንድማማቾች የወርቅ ሜዳይ ሰጣቸው። ጎጃምን የመረመረው ኢንግሊዛዊው ቻርልስ ቢክ ግን ዳባዲ ከፋ መድረሱን እንኳ አላምንም ብሎ በዚያው ዓመት መጽሐፍ ጻፈበት፤ ከዚያ ማኅበር አስቀድሞ የተቀበለውንም ሜዳይ መለሰ። ለአንድ የሳይንስ ሰው ይህ ከስሕተት የባሰ ክስ ነው፤ ውሸታም መባል ነውና። በፍርድ ስንመለከተው ቢክ ስለ ነጭ ዓባይ በመቃወሙ እውነት ነበረው፤ ከፋን አላየም በማለቱ ግን በደለው። ኋላ የመጡ መንገደኞች የዳባዲ ካርታ የታመነ መሆኑን አይተዋልና። ዳባዲ በበኩሉ ስለ ጊቤ የያዘውን አሳብ ለረጅም ጊዜ ሳይለቅ ቈየ፤ በዚህ የሚመሰገን አይመስለንም። በ1862 ዓመት ስፒክ የተባለው ኢንግሊዛዊ ነጭ ዓባይ ከቪክቶሪያ ሐይቅ ሲወጣ አየ። በ1896 ዓመትም ቦቴጎ የተባለው ኢጣሊያዊ ኦሞን ተከትሎ ወርዶ፣ ጊቤን የሚቀበለው ይህ ወንዝ ወደ ሩዶልፍ ሐይቅ እንደሚገባ አረጋገጠ፤ ሐይቁ ዛሬ ቱርካና ይባላል። ከዓባይ ጋር አይገናኝም።

ለካርታው እምነት ያተረፈለት ግን ትዕግሥቱ ነው። በ1848 ዓመት ከኢትዮጵያ ሲወጣ የያዘው ሀብት ማዕዘን የተጻፈባቸው ደብተሮችና የብራና መጻሕፍት ነበሩ። ደብተሩ ውስጥ ያለው ማዕዘን ብቻ ስለ ሆነ እያንዳንዱን ስፍራ በሒሳብ ማውጣት ያስፈልግ ነበር። የዛሬ ልጅ በሰማይ የምትዞር ሰው ሠራሽ ጨረቃ ፎቶግራፍ አንሥታ የምትልከውን ካርታ በእጁ ይዞ ያያል፤ ዳባዲ ግን ራዶ ከተባለ የሒሳብ ዐዋቂ ጋር ሆኖ በብዕር ያሰላ ነበር። የኢትዮጵያ ምድር ልክ የሚለው ታላቅ መጽሐፉ ከ1860 እስከ 1873 ዓመት ድረስ በክፍል በክፍል ታተመ። በሀገሩ ከለካበት ዘመን ጋር ሲቈጠር ሥራው 35 ዓመት ፈጀ ማለት ነው። ይህ ሁሉ ሲሆን የ234 የብራና መጻሕፍት ዝርዝር በ1859 ዓመት አሳትሞ ነበር፤ በ1881 ዓመት ደግሞ የአማርኛ መዝገበ ቃላት አወጣ። የብራና መጻሕፍቱ ዛሬ በፓሪስ በብሔራዊው ቤተ መጻሕፍት ይገኛሉ፤ ግዕዝ የሚመረምሩ ሊቃውንትም እስከ ዛሬ በስሙ ይጠሩአቸዋል።

በሽምግልናው ዘመን በፈረንሳይና በስፔን ወሰን አጠገብ በአንዳይ ከባሕር በላይ ባለ ጕብታ ላይ ታላቅ ቤት አሠራ። ሥራው ከ1864 እስከ 1879 ዓመት ቈየ። በግድግዳው ላይ ከልዩ ልዩ ቋንቋዎች ጋር አማርኛም ተጽፎበታል፤ የአቢሲንያ ሥዕሎችም አሉበት። በውስጡም ከዋክብት የሚመረመሩበት ክፍል አደረገ። በ1882 ዓመት፣ ዕድሜው 70 ካለፈ በኋላ፣ ዝህራ የተባለችው ኮከብ በፀሐይ ፊት ስታልፍ ለማየት እስከ ሄይቲ ድረስ ተጓዘ። በ1892 ዓመት የሳይንስ አካዳሚው ፕሬዚዳንት ሆነ።

በዚያ ቤት አንድ እንግዳ ነገር አለ። ዳባዲ የብርሃንን መጕበጥ ለመመርመር ፈልጎ የቤቱን ግንቦች በቀጥታ እያስበሳ፣ ላሩን ወደሚባለው ሩቅ ተራራ የሚያሳይ ቀዳዳ አሠርቶ ነበር። ምርመራው ግን አልተሳካም። ቀዳዳውን ደፍኖ ነገሩን መሸሸግ ይቻለው ነበር፤ እርሱ ግን በባስክ ቋንቋ በዚያ ላይ ምንም እንዳላየና ምንም እንዳልተማረ የሚናገር ቃል አስቀረጸበት።

አንቷን ዳባዲ ቦቴጎ የኦሞን መጨረሻ ካየ በኋላ በሚቀጥለው ዓመት፣ በመጋቢት 1897፣ በፓሪስ ሞተ። ልጅ አልነበረውምና ቤቱን ከርስቱ ጋር ለሳይንስ አካዳሚው አውርሶ ነበር፤ በዚያም የ500,000 ከዋክብት ስፍራ በ50 ዓመት ውስጥ ተለክቶ እንዲጻፍ ግዴታ አኖረበት። ሬሳው በዚያው ቤት በጸሎት ቤቱ ሥር ተቀበረ።